የለጢፋ ሙሄ ዜና ከካውያው ክፍል

ኩዌት ውስጥ ካውያ የሚችሉትን ሐበሾች ቁጠር ብትሉኝ አልጨርስም። የካውያ ጠረጴዛ ይዛ ዜና ያነበበች ግን አንዲት ብቻ ናት፤ ለጢፋ ሙሄ፣ የወረባቡዋ፣ የቢስቲማዋ ልጅ። ይሄን የማወራው ከሰው ሰምቼ እንዳይመስላችሁ። ኩዌት፣ ሐበሻ በሚበዛበት ጅሊብ ሰፈር ውስጥ ሠላሳ አንድ ዓመት የኖረ ሰው የማያውቀው የወሎ ልጅ የለም። ፊደል አልቆጠርኩም እንጂ ሰው ቆጥሬያለሁ።

ለጢፋ የምትሠራው ጀህራ ነው፣ ማዳም ሙኒራ ቤት። አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ አንድ ቤት። አንድ ቤት አሥራ አንድ ዓመት መቀመጥ ራሱን የቻለ ዜና ነው፤ እኔ ስንቷን አውቃለሁ መሰላችሁ በአሥራ አንድ ወር አራት ቤት የቀየረች። ባባ፣ ማለት የማዳም ባል፣ በሳምንት አሥራ አራት ድሽዳሻ፣ ያን ረጅም የወንድ ቀሚስ፣ ይለብሳል። ሦስት ወንዶች ልጆች አሉት፣ እነሱም እንደዚያው ነጭ በነጭ ናቸው። እንግዲህ አስሉት። ያ ሁሉ ልብስ የሚተኮሰው ጣሪያው ላይ ባለች አንዲት ክፍል ነው። ማጠቢያ ማሽን፣ የካውያ ጠረጴዛ፣ አንድ መስኮት። ከመስኮቱ ግማሽ ጀህራ ይታያል።

ስለ ድምፅዋ ልንገራችሁ። ድምፅዋን ከአባቷ ነው የወረሰችው። አባቷ ነፍሱን ይማርና ሙሄ ጥሩምባው ይባል ነበር፤ ቢስቲማ ላይ የእድር ጥሩምባ ነፊ ነበር። ሰው ሲሞት ገና ጎህ ሳይቀድ ጥሩምባውን ይነፋና አራት ነገር ይናገራል፤ ማን፣ የማን ልጅ፣ የት ሰፈር፣ መቼ። አራቱ ሳይሟላ አንዲት እርምጃ አይራመድም። አንድ ጊዜ እሱ ታሞ ሌላ ሰው ተተካና «አሊ አርፏል» ብሎ ብቻ አለፈ። ሦስት አሊዎች ቤት ለቅሶ ተቀመጠ። አንደኛው አሊ ደግሞ ማን እንደሞተ ሳይጠይቅ ጋቢውን ደርቦ ወደ ገዛ ቤቱ ከለቀስተኛ ጋር ሲመለስ ነው የተደረሰበት ይባላል። ለጢፋ በልጅነቷ ከአባቷ ኋላ ኋላ እየሮጠች አራቱን ነገር በቃሏ ይዛለች። ትምህርቷ ስምንተኛ ክፍል ላይ ቆሟል፣ ያ ግን አልቆመም።

ዜና የጀመረችው የዛሬ ስምንት ዓመት ግድም ነው። ሐሲና የምትባል የሰፈሯ ልጅ ጁምዓ እረፍት የማይሰጥ ቤት ትሠራ ነበር። የገዛ እህቷ ሠርግ ጅሊብ ውስጥ ሲደገስ ቀኑ መለወጡን ሳትሰማ ቀረች፣ ሦስት ቀን አለቀሰች። ለጢፋ ይሄን ስትሰማ፣ «የጠፋው ሠርጉ አይደለም፣ ጥሩምባ ነፊው ነው» አለች። በዚያው ሳምንት ስልኳ ላይ በድምፅ ቀድታ ላከች። ማን ወለደች፣ ማን ሞተ፣ የኢቃማ፣ የመኖሪያ ፈቃዱ ነገር ምን ተባለ፣ ሻንጣ ጠፍቶበት አውሮፕላን ማረፊያ የቀረው ማነው። ድምፁ ከስልክ ወደ ስልክ፣ ከማድ ቤት ወደ ማድ ቤት ዞረ።

አብዱልዋሂድ የሚባል ሰው አለ፣ ጅሊብ ውስጥ በርበሬና ሽሮ፣ ቆሎና የስልክ ካርድ የሚሸጥ። እሱ ነው የኢንተርኔት ገጽ የከፈተላት።

«እታለም፣ ድምፅ ብቻማ ሬዲዮ ነው» አላት። «ሰው ፊት ማየት ይፈልጋል።»

«ፊቴን የት አባቴ ወስጄ ነው የማሳየው?»

«ያለሽበት።»

ያለችበት ደግሞ የካውያ ክፍል ነው። የማዳምን ነጭ አንሶላ ከኋላዋ ሰቀለች፣ የካውያውን ጠረጴዛ ፊቷ አደረገች፣ ስልኩን በሳሙና ካርቶን ደግፋ አቆመች። ገጹም «የጁምዓ ዜና» ተባለ። ዜናውን በቃሏ እየተናገረች እጇ ሥራውን አያቆምም፤ አንድ ዜና ሲያልቅ አንድ እጅጌ ተተኩሶ ይገኛል። ተመልካቹ ይሄን ወደደው። ሌላው አንባቢ ወረቀት ይገልጣል፣ እሷ ድሽዳሻ ትገለብጣለች።

ማዳም ሙኒራ የደረሰችባት በሁለተኛው ወር ነው። ከክፍሉ የሚወጣውን ኮስተር ያለ ንግግር ሰምታ፣ ልጅቷን ጂን ያዛት ብላ በሩን ቀስ አድርጋ ከፈተች።

«ከማን ጋር ነው የምታወሪው?»

«ከዘጠኝ ሺህ ሰው ጋር ነው ማዳም።»

ማዳም አንሶላውን አየች፣ ስልኩን አየች። የምትቆጣ ነበር የመሰለችው። እሷ ግን ራሷን ነቀነቀችና፣ «ነጭ ሻሽ ከነጭ አንሶላ ፊት አይደረግም። ፊትሽ ብቻውን አየር ላይ ተንጠልጥሏል» ብላ የራሷን አረንጓዴ ሻሽ አመጣችላት። ከዚያ ወዲህ ጀህራ ገበያ ውስጥ ለጢፋ «ቲማቲም ስንት ነው?» ስትል ሦስት ሴቶች ዞር ይላሉ። ድምፅዋን ያውቁታላ።

ከዜናው ሌላ አንድ አመል አላት፤ ያየችውን ትቀርጻለች። ዒድ ሲሆን፣ አቧራ ሲነሳ፣ ሠርግ ሲኖር። ስትጀምር ሁልጊዜ እንደ አባቷ ቀኑን፣ ቦታውን፣ ሰዓቱን በአፏ ትናገራለች። ዓመቱ ሲያልቅ የስልኩን ሚሞሪ ታወጣና በወረቀት ጠቅልላ፣ ላዩ ላይ ዓመተ ምሕረቱን ጽፋ የወተት ዱቄት ቆርቆሮ ውስጥ ትከታለች። የሚስቁባት ነበሩ። አንዳንዱ ወርቅ ይቋጥራል፣ ለጢፋ ቀን ትቋጥራለች ይላሉ።

አሁን ወደ ዋናው ነገር ልግባ። እናቷ ሸምሲያ ቢስቲማ ነው ያለችው። አፏን ሞልታ፣ «ልጄ ቴሌቪዥን ላይ ናት» ትላለች። አንዳርጌ የሚባል የሻይ ቤት ባለቤት ደግሞ አለ፣ ዲሽ ያለው፣ በዚያች ዲሽ የሚኮራ። እሱ በሰው ፊት ምን ይላታል፤

«እመት ሸምሲያ፣ ስልክ ውስጥ ያለ ሰው ቴሌቪዥን ላይ ወጣ አይባልም። ቴሌቪዥን ማለት ዲሽ ያለው ነው።»

ሸምሲያ ቤቷ ትመለስና ማታ በስልክ ለልጇ ትነግራታለች። ለጢፋ የሚያንገበግባት ይሄ ነበር። ዘጠኝ ሺህ ሰው ያያታል፣ እናቷ ግን አንድ ሻይ ቤት ውስጥ ታፍራለች። አንድ ጊዜ፣ አንዲት ጊዜ ብቻ፣ ዲሽ ባለው ብወጣ ትላለች።

ያ ቀን መጣ። የማዳም ሙኒራ የእህት ልጅ ፈዋዝ ከተማው መሀል ሻርቅ ሰፈር ካሉት ፎቆች በአንዱ ቢሮ ያለው የቴሌቪዥን ሰው ነው። አንድ ጁምዓ ለምሳ መጥቶ ሩዙን እየበላ፣ ስለ ዝናብ ፕሮግራም እየሠራ መሆኑን አወራ።

«የ2018ን ዝናብ ቪዲዮ እየሰበሰብኩ ነው» አለ። «ሰው የሚልክልኝ ግን ሁሉም ሃያ ሰከንድ ነው። አንዱ ይጮኻል፣ ስልኩ ይገለበጣል። የት ሰፈር እንደሆነ፣ ስንት ሰዓት እንደሆነ የሚያውቅ የለም።»

«ለጢፋ አለችልህ አይደለም እንዴ?» አለች ማዳም። «ይህች ልጅ ዝንብ ስትበር ትቀርጻለች። ከነስሟ።»

ለጢፋ ሻይ ይዛ ገባች። ፈዋዝ ጠየቃት።

«የ2018 ዝናብ አለሽ?»

«አለኝ ኡስታዝ» አለች፣ ጌታዬ ለማለት ነው። «ከጣሪያ ላይ ነው የቀረጽኩት።»

«እንግዲያው ላኪልኝ። ስምሽን ከሥሩ እንጽፋለን። አንድ ደቂቃም አንቺ ራስሽ ትናገሪያለሽ። የሚተላለፈው የመጪው ሳምንት ቅዳሜ፣ ከአሱር ሰላት በኋላ ነው።»

ሻዩን እንዴት እንዳስቀመጠችው አላህ ይወቅ። ሮጣ ጣሪያ ላይ ወጣችና ደወለች።

«እማዬ፣ የነገ ሳምንት ቅዳሜ በአሥራ አንድ ሰዓት ዲሽ ባለው እወጣለሁ።»

«ዲሽ ባለው?»

«ዲሽ ባለው።»

ሸምሲያ ደህና ሁኚ እንኳ ሳትል ስልኩን ዘጋች።

በማግስቱ ጎህ ሲቀድ ሸምሲያ የባሏን ጥሩምባ ከግድግዳ አወረደች። በስልሳ ሰባት ዓመቷ ነፋችው። የታፈነ ጥጃ መሰለ ይላሉ፣ ግን ጥሩምባ ምንም ቢሆን ጥሩምባ ነው። ሰው ጋቢውን እየደረበ ወጣ። እሷም ባሏ እንዳስተማራት አራቱን ነገር ተናገረች፤

«ለጢፋ፣ የሙሄ ልጅ፣ ኩዌት ጀህራ፣ የዛሬ ሳምንት ቅዳሜ በአሥራ አንድ ሰዓት።»

እንግዲህ በጥሩምባ የሰው ስም የሰማ ሰው ምን ያደርጋል? ሁለት አሮጊቶች ደረታቸውን መምታት ጀመሩ። አንዷማ ሙሾ አውጥታ ግማሽ አድርሳ ነበር።

«ተዉ እንጂ» አለች ሸምሲያ፣ «ቴሌቪዥን ላይ ልትወጣ ነው። አንዳርጌ ሻይ ቤት ኑ።»

የእድሩ ዳኛ ተጠራ። በእድሩ ደንብ ጥሩምባ የሚነፋው ለሞትና ለስብሰባ ብቻ ነው። ዳኛው አሰበ፣ አሰበና፣ «ቅዳሜ ይለፍ። ከወጣች እናያለን፤ ካልወጣች ደግሞ አጥብቀን እናያለን» አለ። አንዳርጌ ከዳር ቆሞ ጺሙን ያሻሻል። ይሄ ሁሉ ለጢፋ ጆሮ የደረሰው በዚያው ቀን ነው። አገር በጥሩምባ ተጠርቷል፤ ከዚህ ወዲያ መቅረት የለም።

ለጢፋ ቆርቆሮውን ከፍታ 2018 የተጻፈበትን ሚሞሪ አወጣች። ዓመቱ ገና ባያልቅም አንዱ ስለሞላባት ጠቅልላ አስቀምጣው ነበር። ውስጡ ታኅሣሥ ላይ የጣለው ዝናብ አለ። ዝናብ ማለት እንግዲህ ልብሱን ከገመድ ሳታወርድ ያባራ ካፊያ ነው። ትንሽ ገረማት። ግን የኩዌትን ሰው ታውቀዋለች፣ አምስት ጠብታ ሲወርድ ሻይ በፔርሙዝ ይዞ በረሃ የሚወጣ ሕዝብ ነው። ለእነሱ ጠብታውም በረከት ነው ብላ ላከችው።

አሁን እናንተ ትስቁ ይሆናል። አትሳቁ። እኔ ራሴ ኢቃማዬ የሚያልቅበትን ዓመት በኛ ቆጥሬ ስምንት ዓመት ቀረኝ ብዬ ተኝቼ አውቃለሁ። የስደት ሰው ሁለት ዓመተ ምሕረት ነው በሁለት ኪስ ይዞ የሚዞረው፤ አንዱ የወረቀት ነው፣ አንዱ የሆድ። ለጢፋ ወረቀት ላይ የነሱን ትጽፋለች፣ ቆርቆሮዋ ውስጥ ግን የሆዷን ነው የጻፈችው።

ረቡዕ ከሰዓት ፈዋዝ ደወለ።

«ለጢፋ፣ ይሄ የላክሽልኝ ምንድን ነው? ባለፈው ወር የጣለው ካፊያ እኮ ነው። አክስቴ በቅርቡ የገዛችው መኪና እዚያ ቆሞ ይታያል።»

«2018 አላልክም ኡስታዝ?»

«2018 ነው ያልኩት።»

«ይሄም እኮ 2018 ነው።»

«አይደለም። እኔ የምፈልገው 2018 ነው።»

ሁለቱም በልባቸው ይሄን ሰው ምን ነካው ሳይሉ አልቀሩም። በመጨረሻ ፈዋዝ፣ «እኔ ነገ እስከ ዙህር፣ እስከ ቀትር ሰላት ነው ያለኝ። ካልመጣ ያላንቺ እንጨርሰዋለን» ብሎ ዘጋ።

ለጢፋ ካውያውን እንደያዘች ቆመች። ዓይኗ ላይ የመጣው የእናቷ ጥሩምባ ነው። የአንዳርጌ ጺም ነው። በአሥራ አንድ ዓመት ለመጀመሪያ ጊዜ የባባን ኮሌታ አቃጠለች። የጭሱ ሽታ በደረጃው ወርዶ ማዳም ሙኒራን ይዟት መጣ።

«ምን ሆንሽ? ማን ሞተ?»

«ማንም አልሞተም ማዳም። 2018 ጠፋብኝ።»

ማዳም ወረቀቱን አየች፣ ስልኩ ላይ ያለውን ቪዲዮ አየች። «ይሄማ ባለፈው ወር የቀረጽሽው ነው። ለመሆኑ በናንተ አቆጣጠር አሁን ስንት ነው?»

ያኔ ነው ለጢፋ ግንባሯን የመታችው። ወዲያው አብዱልዋሂድ ጋ ደወለች፤ ሱቁ ግድግዳ ላይ ሁለቱንም ቀን ጎን ለጎን የያዘ የቀን መቁጠሪያ አለው።

«አብዱ፣ የነሱ 2018 የኛ ስንት ነው?»

«ከመስከረም በኋላ ከሆነ ሰባት ቀንሺ። 2011። የኔ ሠርግ ዓመት እኮ ናት እታለም።»

2011። ያ ኅዳር፣ ያ ጎርፍ፣ አስፋልቱ ተነስቶ ጠጠሩ መስታወት የሰበረበት። እንዴት ይረሳል? አልተረሳም፣ በሌላ ቁጥር ነው የተቀመጠው። ቆርቆሮውን ገለበጠች። 2010 አለ፣ 2012 አለ። 2011 የለም።

«አብዱ፣ የ2011 ሚሞሪ የት ነው?»

አብዱልዋሂድ ጉሮሮውን ጠረገ። «እኔ ጋ ነው። ሠርጌን አያለሁ ብዬ ወስጄው አልነበር? ስድስት ዓመት ሆነው። አንዳንዴ ከባለቤቴ ጋር ስንጣላ እናየዋለን፣ እንታረቃለን።»

ባባ ሹፌሩን ይዞ ወጥቷል። ማዳም ሙኒራ ጅሊብን በዜና ካልሆነ አይታው አታውቅም። ግን ለእህቶቿ በሙሉ «ፕሮግራሙ ላይ የሚወጣው ከኔ ጣሪያ የተቀረጸ ነው» ብላ ነግራለች፣ ስለዚህ የሸምሲያ ጭንቀት የሷም ጭንቀት ነው። ሐሙስ ጠዋት መነጽሯን አድርጋ የመኪናዋን ቁልፍ አነሳች። «ግቢ» አለቻት።

ያን ቀን ጅሊብ ውስጥ ያልነበረ ሰው ብዙ ነገር አምልጦታል። ያቺ ትልቅ ነጭ መኪና በጠባቡ መንገድ ስትገባ ሕንዱም ባንግላዴሹም ሐበሻውም ግድግዳ ላይ ተለጥፎ አሳለፈ። አብዱልዋሂድ ሚሞሪዋን በሁለት እጁ ይዞ ወጣ፣ ማዳምን ሲያይ ደግሞ ተመልሶ ገባና አንድ ከረጢት ቆሎ ይዞ መጣ። ማዳም ሻርቅ እስኪደርሱ ድረስ ቆሎውን ጨረሰችው።

ፈዋዝ ቢሮ የደረሱት ዙህር ሊባል ሲል ነው። ሚሞሪዋ ገባች። መጀመሪያ የአብዱልዋሂድ ሠርግ መጣ፣ ጭፈራው፣ ከበሮው። ፈዋዝ አፉን ከፍቶ አየ። «ይለፍ፣ ይለፍ» አለች ለጢፋ። ከዚያ ድምፅዋ ተሰማ፤

«ዛሬ ረቡዕ፣ ኅዳር አምስት ቀን 2011 ዓመተ ምሕረት፣ ከጠዋቱ ሁለት ሰዓት ተኩል። ያለሁት ጀህራ፣ ማዳም ሙኒራ ቤት ጣሪያ ላይ ነው። ውሃው የጎረቤትን መኪና ጎማ ውጦ ከበሩ እጀታ ደርሷል።»

ምስሉ ወደ ታች ወረደ። ከፍ ባለው የደጃፉ ደረጃ ላይ ማማ ሐያት ቆመዋል፣ የማዳም ሙኒራ እናት። ካረፉ አራት ዓመታቸው ነው። ቀሚሳቸውን ሰብሰብ አድርገው እግራቸውን ውሃው ውስጥ ይነክራሉ፣ ያወጣሉ፣ እንደ ሕፃን ይስቃሉ። አንዱ ጫማቸው ወለቀና እንደ ጀልባ በመንገዱ ሄደ። «ለጢፋ፣ ውረጂ፣ ጫማዬ ኢራቅ ሊገባ ነው» ይላሉ። ለጢፋ ስትስቅ ምስሉ ይንቀጠቀጣል። ጫማው በሰመጡት መኪኖች መሀል እየተሽከረከረ እስኪጠፋ ድረስ ተከትላዋለች።

ማዳም ሙኒራ መነጽሯን አወለቀች። «እንደገና» አለች። ሦስት ጊዜ አዩት። ፈዋዝም፣ የልጃቸው ልጅ ነውና፣ ሥራውን ረስቶ በመዳፉ ፊቱን ጠረገ። ከዚያ የሥራ ሰው ሆነ።

«መጀመሪያ ላይ ምንድን ነው የምትይው?»

አስረዳችው፤ ቀኑ፣ ቦታው፣ ሰዓቱ።

«ይሄ ነው የጠፋው» አለ። «ፕሮግራሙ በዚህ ይጀምራል። ድምፅሽንም አናጠፋውም፣ ከሥሩ በዓረብኛ እንጽፋለን።»

ቀጥሎ ካሜራ ፊት አቆሟት። መብራት በራ። ስምንት ዓመት ያለማቋረጥ ስትናገር የኖረች ልጅ ዝም አለች።

«ምን ሆንሽ?» አለ ፈዋዝ።

«እጄ ምን ይሥራ ኡስታዝ?»

ጠረጴዛ ቀረበላት፣ አልሆነም። ማዳም ሙኒራ ከኋላ፣ «ካውያ ስጧት» አለች፤ የምሯን ነው። ካውያ ከየት ይምጣ? ለጢፋ የፈዋዝን ራስ አየች። «ጉትራህን ታውሰኛለህ?» አለችው። ሳቀና ያን ነጭ የራስ ጨርቁን አውልቆ ሰጣት። እሷም እያጠፈች፣ ጠርዙን በጣቷ እያስተኛች ስለ ጎርፉ፣ ስለ ማማ ሐያት፣ ስለ ጥሩምባ ነፊው አባቷ አንድ ደቂቃ ሳይሆን አራት ደቂቃ ተናገረች። ስትጨርስ ጉትራው ከሱቅ የወጣ መስሎ ነበር።

«ስምሽ እንዴት ይጻፍ?»

«ለጢፋ ሙሄ። ሙሄን እንዳትረሱ።»

ቅዳሜ አንዳርጌ ሻይ ቤት ሰው በመስኮት ሳይቀር ገብቶ ነበር ይላሉ። አሥራ አንድ ሰዓት ሆነ። ማስታወቂያ። የሽቶ ማስታወቂያ፣ የመኪና ማስታወቂያ። አንዳርጌ ጺሙን ማሻሸት ጀመረ። ሸምሲያ ከኋላ አግዳሚ ላይ መቁጠሪያዋን ይዛ ተቀምጣለች። ከዚያ ከነዚያ ሁሉ የዓረብ ሰዎች መሀል ጥርት ያለ የቢስቲማ አማርኛ ወጣ፤ «ዛሬ ረቡዕ፣ ኅዳር አምስት ቀን»። አንድ ሰው ዝም በሉ አለ፣ ማንም የተናገረ ሳይኖር። ዓረብኛ የሚያነቡት ሼህ ተነስተው ወደ ቴሌቪዥኑ ተጠጉና ከሥሩ ያለውን በጣታቸው እየተከተሉ አነበቡ።

«ለጢፋ ሙሄ» አሉ። «ጀህራ።»

አንዳርጌ ሄዶ የራሱን ወንበር አነሳና ከፊት አስቀመጠው። «እመት ሸምሲያ፣ እዚህ ሆነው ይዩ» አለ። ቆየት ብሎም፣ «ዲሹ ጥሩ ነው፣ አይደል? አጥርቶ ነው ያሳያት» አለ፤ እንግዲህ ከክብሩ የሱም ድርሻ እንዲኖር ነው።

እድሩ በማግስቱ ተሰበሰበ። ደንብ ደንብ ነው። ሰው ሳይሞት ጥሩምባ ነፍታለችና ሸምሲያ ለእድሩ ሻይ ሁለት ኪሎ ስኳር እንድታመጣ ተፈረደባት። አራት ኪሎ ይዛ መጣች። ዳኛው፣ «ቅጣቱ ሁለት ነው» ቢላት፣

«ሁለቱ ለሚቀጥለው ነው» አለች።

በሚቀጥለው ጁምዓ ለጢፋ አረንጓዴ ሻሿን አድርጋ ከካውያው ጠረጴዛ ጀርባ ቆመች። ተመልካቹ በዝቷል፣ ማዳም ሙኒራም በሩ ሥር ወንበር ይዛ ተቀምጣለች፤ አማርኛ ባትሰማም። ለጢፋ የባባን አዲስ ድሽዳሻ ኮሌታ አስተካከለችና የመጀመሪያውን ዜና አቀረበች።

«ሸምሲያ፣ የሙሄ ጥሩምባው ባለቤት፣ ቢስቲማ፣ ያለፈው እሑድ፣ ሰው ሳይሞት ጥሩምባ በመንፋት ተቀጥታለች። ሟች የለም። ለቅሶ የጀመራችሁ አቁሙ።»

እጅጌውን ገለበጠችና ወደ ሁለተኛው ዜና አለፈች።